ልጄ ሃርፕ መጫወት ትፈልጋለች፤ በዚህ ሙያ መኖር ይቻላል?

የሰላም አባት፦
ጤና ይስጥልኝ። ሜሪላንድ፣ ሲልቨር ስፕሪንግ የምኖር የታክሲ አሽከርካሪ ነኝ። የ13 ዓመት ልጄ ትንሹን ሃርፕ፣ ያን ብዙ አውታር ያለውን የፈረንጅ መሣሪያ፣ መማር ከጀመረች ሁለት ዓመት ሆናት። ባለፈው ሳምንት አስተማሪዋ ጠርታኝ «ከእንግዲህ ባለ ፔዳሉ ትልቁ ያስፈልጋታል» አለችኝ። ዋጋውን ስትነግረኝ ሁለተኛ ታክሲ የምገዛ መሰለኝ። እኔ በጾም ወራት በገና እየሰማሁ ያደግሁ ሰው ነኝ፤ ለእናቴ ደውዬ «የልጅ ልጅሽ በገና ልትደረድር ነው» ስላት እልል ብላለች። አሁን ግን ሌሊት ስነዳ የማስበው ሌላ ነው። በዚህ ነገር እንጀራ የሚበላ ሰው አለ? ወይስ ልጄን ወደ ቅንጦት እየመራኋት ነው?

ደርዳሪ ዘእንጦጦ፦
ወንድሜ፣ የእናትህን እልልታ መመለስ አልፈልግም፤ ግን በገናና ሃርፕ አንድ አይደሉም። የእኛው አሥር አውታር ያለው ነው። አውታሮቹ ከታች እንደ ድልድይ በሚደግፋቸው በበርኩማው ላይ አልፈው ከላይኛው አግዳሚ እንጨት፣ ከቀንበሩ ይታሰራሉ፤ ያንን ሰው የሚያስተክዝ ንዝረት የሚሰጠው በአውታሩና በበርኩማው መካከል የሚገባው ቁራጭ ቆዳ፣ እንዝራው ነው። በዝግታ ይደረደራል፤ የሚደረደረውም ለጭብጨባ አይደለም። ልጅህ ሃርፑን ትማር፤ ከጎኑ ግን የመምህር ዓለሙ አጋን በገና አሰማት።

አርባ ሰባት አውታር፦
ጋሼ፣ እኔ የምኖረው በዚሁ ሙያ ነው። ከሳሪስ ወደ ቨርጂኒያ ስመጣ 15 ዓመቴ ነበር። በትምህርት ቤታችን የሙዚቃ ክፍል ጥግ ላይ ብርድ ልብስ የለበሰ ትልቅ ነገር ቆሞ ነበር። በሰባራ እንግሊዝኛ ከልጆቹ ጋር ከመጨነቅ ብርድ ልብሱን መግለጥ ቀለለኝ። ዛሬ 39 ዓመቴ ነው፤ ያን ቀን የገለጥኩትን እስካሁን መልሼ አልሸፈንኩትም።

ደርዳሪው ወንድሜ ስለ እንዝራ የተናገረው አሳቀኝ። እኔ ከሃርፔ እንዲህ ያለ ንዝረት ከሰማሁ ባለሙያ እጠራለሁ፤ ለእነሱ ደግሞ ዜማው ያለው እሱ ውስጥ ነው።

ሰው የማያየውን ልንገርዎ፦ ሃርፕ የእግር ሥራ ነው። እጅን ሁሉም ያያል፤ ከታች ግን ሰባት ፔዳሎች አሉ፤ ሦስቱ ለግራ እግር፣ አራቱ ለቀኝ። እያንዳንዱ ሦስት እርከን አለው። ዶ የተባለውን ኖታ ፔዳል ስረግጥ በሃርፑ ላይ ያለው ዶ ሁሉ፣ ከመጨረሻው ወፍራም በስተቀር፣ በአንዴ በግማሽ ድምፅ ከፍ ይላል። ይህን ሥርዓት ዛሬ በምናውቀው መልክ ሠርቶ እ.ኤ.አ. በ1810 ለንደን ውስጥ ያስመዘገበው ፈረንሳዊው ሴባስቲያን ኤራር ነው። ረጅም ቀሚስ የምለብሰው ለውበት ብቻ አይምሰልዎ።

አንድ የጥር ቅዳሜ በአንድ ሆቴል ሠርግ ነበረኝ። ሃርፑን ከቀዘቀዘ መኪና አውጥቼ ማሞቂያ ወደሚነድበት አዳራሽ አስገባሁት። አውታር ከበግ አንጀት ሲሠራ እንደ ሰው ነው፤ ድንገተኛ ለውጥ አይወድም። 47ቱን ቃኘሁ፤ ጨረስኩ ስል የመጀመሪያዎቹ ወርደው ነበር፤ እንደገና ቃኘሁ። ሙሽራዋ በሩ ላይ ስትደርስ ከመካከል አንዱ ቀይ አውታር ጧ ብሎ ተበጠሰ። (ዶዎቹ ቀይ፣ ፋዎቹ ጥቁር ናቸው፤ አለበለዚያ በዚያ የአውታር ጫካ ውስጥ ማን መንገድ ያገኛል?) የሙሽራው አጎት አጎንብሶ ነበር፤ ጥይት መስሎት። እኔ አላቆምኩም። የሲን ፔዳል እስከ ታች ከረገጡት የሲ አውታር ዶ ሆኖ ይጮሃል፤ ሲ ራሱ ሲያስፈልገኝ ደግሞ አንድ እርከን እለቀዋለሁ። መንገዱን ሁሉ ግራ እግሬ እንደ መርካቶ ልብስ ሰፊ ሲወርድና ሲወጣ ሙሽራዋ መሠዊያው ጋ ደረሰች። በኋላ እናቷ መጥታ «እጆችሽ እንዴት ያምራሉ» አለችኝ።

ወደ እንጀራው ልምጣ። አንድ ትልቅ ኦርኬስትራ የመጀመሪያ ቫዮሊን ብቻ እስከ 16 ሰው ይይዛል፤ ሃርፕ ግን አንድ ነው፤ ቢበዛ ሁለት። በዚያ ወንበር የተቀመጠም በቶሎ አይነሳም። ለሰላም የአን ሆብሰን ፓይለትን ታሪክ ያንብቡላት። እ.ኤ.አ. በ1943 ፊላደልፊያ ውስጥ የተወለደች ጥቁር አሜሪካዊት ናት። እናቷ ፒያኖ ታስተምር ስለነበር ከፒያኖ ተነሥታ ሃርፕን የነካችው በ14 ዓመቷ ነው፤ ስለዚህ ልጅዎ አልዘገየችም። በወጣትነቷ ሜይን ውስጥ ወደሚሰጥ የታወቀ የክረምት የሃርፕ ትምህርት ልትሄድ ስትል በቀለሟ ምክንያት በሩ ተዘጋባት። እሷ ግን በ1966 እዚሁ ዋሽንግተን በናሽናል ሲምፎኒ ኦርኬስትራ ተቀጠረች፤ በ1969 ወደ ቦስተን ሄደች፤ ከ1980 ጀምሮ የዚያ ኦርኬስትራ ዋና ሃርፕ ተጫዋች ሆና በ2009 ጡረታ ወጣች። ስትሰናበት የፊልም ሙዚቃ ደራሲው ጆን ዊሊያምስ ለሃርፕና ለኦርኬስትራ አዲስ ሥራ ጻፈላት። እኔ ይህን ታሪክ ሳነብ ሁለት ነገር ነው የሚሰማኝ፤ አንዱ ኩራት ነው። ሁለተኛው፣ አንድ ሰው ቦስተን ውስጥ 40 ዓመት ከተቀመጠ ስንቱ ቆሞ እንደሚጠብቅ ነው።

እኔ ከሚጠብቁት ነኝ። አራት ጊዜ ለቋሚ ቅጥር ተፈትኛለሁ። ፈታኞቹ ማንነትዎን እንዳያዩ መጋረጃ ጀርባ ነው የሚጫወቱት፤ ከመድረኩ በስተጀርባ ሆኜ የራሴን ጫማ ድምፅ ስሰማ ሴት መሆኔን ያውቁ ይሆን እል ነበር። ሁለት ጊዜ እስከ መጨረሻው ዙር ደረስኩ። አልሆነም። አሁን አንዱ ኦርኬስትራ ሃርፕ ተጫዋቹ ሲታመም ወይም ሁለት ሃርፕ ሲያስፈልግ ይጠራኛል። ቅዳሜ ሠርግ፣ ከሰኞ እስከ ሐሙስ 11 ተማሪዎች፣ አልፎ አልፎ ሆስፒታል። የቤት ኪራዬን እከፍላለሁ፤ ባለጸጋ አይደለሁም፤ ዘንድሮ የጥርስ ሐኪም ቀጠሮዬን አንዴ አራዝሜያለሁ።

ስለ መግዛቱ አይቸኩሉ፤ በመጀመሪያ ይከራዩ። አዲስ የኮንሰርት ሃርፕ ከ20 ሺህ ዶላር በታች ማግኘት ከባድ ነው፤ ወርቅ የተለበጠው ከ50 ሺህ ያልፋል። ያገለገለ ካገኙ ደግሞ ዓምዱ ላይ ያለው ቅርጽ እንዳያታልልዎት፤ ጎንበስ ብለው አውታሮቹ የተተከሉበትን ስስ ጣውላ ይዩ። የአውታሮቹ ጉተታ ተደምሮ ወደ አንድ ቶን ይጠጋል፤ ያንን ቀን ከሌሊት የሚችለው ይህ ጣውላ ነው። ትንሽ ማበጡ የተለመደ ነው፤ ስንጥቅ ካለው ግን ትተው ይውጡ። ቫዮሊን ሲያረጅ ይወደዳል፤ ሃርፕ ሲያረጅ ይደክማል።

ሒሳብ ሠራተኛው፦
ከላይ የተጻፈውን አነበብኩ። እህታችን በ39 ዓመቷ የጥርስ ቀጠሮ ታራዝማለች። ልጅቷ ነርስነት ወይም ኮምፒውተር ትማር፤ ሃርፑን ቅዳሜ ቅዳሜ ትጫወት። ይህን ለማለት የግድ ሙዚቃ መጥላት አያስፈልግም።

አርባ ሰባት አውታር፦
ሒሳብዎ ልክ ነው፤ እናቴም 20 ዓመት ሙሉ ይህንኑ ብላኛለች። ቅዳሜ ቅዳሜ የሚለው ግን አይሆንም። ሁለት ሳምንት ካልነካሁት የጣቶቼ ጫፍ ይለሰልሳል፤ ስመለስ ውሃ ይቋጥራል። ጋሼን የምጠይቀው አንድ ነገር ነው፤ ሃርፑን ማን ነው የሚያንቀሳቅሰው? ወደ 40 ኪሎ ይጠጋል። ተማሪዎቼን ሳያቸው ያቋረጡት አብዛኞቹ አባታቸው የሚሸከምላቸው ነበሩ። ሁሌ ከሌሎቹ ቀድመው ገብተው ይቃኛሉ፤ ዋሽንት ተጫዋቹ ሣጥኑን ዘግቶ እራት ሲበላ እርስዎ ገና አሳንሰር ይጠብቃሉ። ሰላም በተሽከርካሪው ጋሪ ላይ ራሷ አዘንብላ፣ ራሷ ገፍታ፣ ደረጃ ስታይ ተሳድባ፣ በማግስቱ ደግሞ ልሂድ ካለች ያን ጊዜ እንነጋገር።

የሰላም አባት፦
እህቴ፣ እግዜር ይስጥልኝ። ትናንት ያልሽውን ለሰላም አነበብኩላት። ስለ ቦስተኗ ሴትዮ ሁለት ጊዜ አስደገመችኝ። «ማን ይሸከማል?» ስላት ክንዷን አጥፋ ጡንቻዋን አሳየችኝ፤ ብዙም የሚታይ ነገር የለም። ቅዳሜ የሚከራይ ልናይ እንሄዳለን። የምነዳው ሰፊው ቶዮታ ሲዬና ስለሆነ ሌሊቱን ከሥራ ስመለስ የኋላ ወንበሮቹን አውጥቼ በሜትር ለካሁት፤ አስተማሪዋ 1 ሜትር ከ85 ነው ያለችው ይተኛል። በየትኛው ጎኑ ነው የሚተኛው? ከሥሩስ ምን ላንጥፍ?

አርባ ሰባት አውታር፦
በግራ ጎኑ፣ ጋሼ። ወፍራም ብርድ ልብስ ያንጥፉ፤ በክረምቱም በበጋውም መኪና ውስጥ እንዳያሳድሩት። ለእናትዎ ደግሞ በገና ነው ይበሏቸው፤ ደርዳሪው ወንድማችን አይሰማም።

ደርዳሪ ዘእንጦጦ፦
እሰማለሁ።