ለስደተኞች ሳምንት ስለ ተዋናይ አንድሪው ሳክስ የምናዘጋጀው ምሽት፦ የዕቅድ ውይይት

ጸሐፊ፦ ውድ አባላት፣ በለንደን የምንኖር የቴአትር ወዳጆች በሰኔው የስደተኞች ሳምንት ለምናቀርበው ምሽት አንድሪው ሳክስን አቀርባለሁ። እ.ኤ.አ. በ1930 በርሊን ተወለደ፤ አባቱ አይሁዳዊ ነበሩ። ናዚዎች አባቱን ሲይዟቸው በልጅነት ዓይኑ አየ፤ ቤተሰቡም በ1938 ሸሽቶ ለንደን ገባ። እንግሊዝኛን እዚህ የተማረው ያ ልጅ፣ አድጎ በአንድ ሆቴል ውስጥ በሚያጠነጥነው የቢቢሲ አስቂኝ የቴሌቪዥን ድራማ ‹ፎልቲ ታወርስ› ከባርሴሎና የመጣውን፣ እንግሊዝኛ አልያዝ ያለውን አስተናጋጅ ማኑኤልን ሆኖ አገር አሳቀ። በ1975 እና በ1979 የተላለፉት ክፍሎች 12 ብቻ ናቸው። ስለ ጀርመናውያን እንግዶች የሚያወራውን ስድስተኛውን እናሳይ እላለሁ።

አንዲት አባል፦ እኔን ቅር ይለኛል። በሥራ ቦታ በአነጋገራችን የተሳቀብን ሰዎች ነን። እናቶቻችንን ጠርተን የባዕድ ሰው እንግሊዝኛ ሲሰባበር እያዩ እንዲስቁ ልናደርግ ነው? ደግሞም በዚያ ክፍል ሆቴሉ ውስጥ የሚኖረው አሮጌ ሻለቃ ጥቁሮችን የሚሰድብበት ቦታ አለ። በ2020 ክፍሉ ከአንድ የማሰራጫ አገልግሎት ለጊዜው ወርዶ፣ ማስጠንቀቂያ ተጨምሮበት የተመለሰው በዚሁ የተነሳ ነው።

ጸሐፊ፦ እህቴ፣ ስለ ሻለቃው ንግግር ባልሽው እስማማለሁ፤ ያ ቦታ አይታይም። ማኑኤልን ግን አደራ አንተወው። ባለሆቴሉ ቤዝል በርካሽ ቀጠረው፣ ቋንቋውን በወጉ ሳያስተምረው ይጮህበታል፣ ይመታዋል፤ ጥፋቱ የማን እንደሆነ ተመልካች ያያል። አንዷን ትዕይንት አስታውሺ፦ ማኑኤል ከእንግዳ መቀበያው ጠረጴዛ በስተኋላ ዝቅ ብሎ፣ እንግሊዝኛን ከመጽሐፍ እንደተማረ ለብቻው ጮክ እያለ ይለማመዳል። ሻለቃው ጠረጴዛው ላይ ያለው ባለቀንዱ የአውሬ ራስ የተናገረ መስሎት በአክብሮት ይመልስለታል። ስንቶቻችን ነን ማንም አይሰማንም ብለን እንዲህ የተለማመድነው? እኔ ይህን ሳይ የምስቀው ከማኑኤል ጋር ነው።

አንድ አንጋፋ አባል፦ ልጆቼ፣ ሥራው ሳክስን ያስከፈለውም ይጨመር። በዚያው ክፍል ማእድ ቤቱ ሲቃጠል የማኑኤል ጃኬት እንዲጨስ ኬሚካል ተቀብቶ ነበር፤ ኬሚካሉ ልብሱን ዘልቆ ገላውን አቃጠለው። ቢቢሲ 700 ፓውንድ ካሳ ከፈለው። ሌላ ጊዜ ደግሞ ቤዝልን የተጫወተው ጆን ክሊዝ በእውነተኛ መጥበሻ ራሱን መታው። መድረክ ላይ የወደቀ ሰው ይህ ሳቅ በምን እንደሚገዛ ያውቃል። አስቀድሞ ሳክስ የስፔን አነጋገር አይሆንልኝም ብሎ ሰግቶ፣ አስተናጋጁ ጀርመናዊ ቢሆን አይሻልም ወይ ብሎ ክሊዝን ጠይቆት ነበር። ይህም ይነገር።

ገንዘብ ያዥ፦ ለሕዝብ ለማሳየት ፈቃድና ክፍያ አለ፤ ሙሉውን ክፍል ኪሳችን አይችለውም። አጭር ቅንጭብ ይበቃል። ከዚያ ይልቅ በ1978 በቢቢሲ ሬዲዮ 3 የተላለፈውን ‹ዘ ሪቬንጅ› እናሰማ። ሳክስ ራሱ ጽፎ ራሱ የተወነው ድራማ ነው፤ ከመጀመሪያ እስከ መጨረሻ አንድም ንግግር የለበትም። የሚያድኑትን ሰው በትንፋሹ፣ በኮቴውና በዙሪያው ባለው ድምፅ ብቻ እንከተለዋለን። እንግሊዝኛ የማይችሉ አባቶችና እናቶች ከእኛ እኩል የሚሰሙት የእንግሊዝ ድራማ ከየት ይገኛል?

አንዲት አባል፦ እንዲህ ከሆነ ቅሬታዬን አንስቻለሁ። ግን ምሽቱ በእርሱ ይጀምር፤ መብራት ይጥፋና እናዳምጥ። ማኑኤል ከዚያ በኋላ ይምጣ። በሬዲዮ የመርማሪው ሼርሎክ ሆምስን ጓደኛ ዶክተር ዋትሰንን መጫወቱም ይነገር፤ ሰውየው የአንድ ገጸ ባሕርይ ብቻ አልነበረም።

ጸሐፊ፦ ተቀብያለሁ። ለቦርዱ የምናቀርበው እንዲህ ይነበባል፦ «ከበርሊን የተሰደደውንና በ2016 ያረፈውን ተዋናይ አንድሪው ሳክስን የምናስብበት ምሽት። መጀመሪያ ቃል አልባው የሬዲዮ ድራማ፣ ቀጥሎ በአማርኛ የሕይወት ታሪኩ፣ በመጨረሻ የማኑኤል የልምምድ ትዕይንት ከአጭር ማብራሪያ ጋር፤ ከዚያም ውይይት።» የፈቃድ ደብዳቤዎቹን እኔ እጽፋለሁ። የሕይወት ታሪኩን አንጋፋው አባላችን ቢያነቡልን ደስ ይለናል። ገንዘብ ያዣችን ድምፅ ማጉያው ጥሩ የሆነ አዳራሽ ይፈልግልን፤ የትንፋሹ ድምፅ ከኋላ ወንበር ካልተሰማ ድራማው ይበላሻል።