የሲድኒ የመጀመሪያዎቹ መምህራን ግዞተኞች ነበሩ፤ ታዲያ?

የሜልበርኑ፦ ትናንት እዚሁ «አውስትራሊያ ልጆቿን ለሌባ አስረክባ ነው ያስተማረችው» የሚል አንብቤ ተናድጃለሁ። እንግሊዝ ወንጀለኞቿን ወደ አውስትራሊያ በግዞት ትልክ በነበረበት ዘመን፣ ኢዛቤላ ሮሶን በስርቆት ተፈርዶባት እ.ኤ.አ. በ1788 ከመጀመሪያዎቹ ግዞተኞች ጋር ሲድኒ ገባች። በዓመቱ ገደማ ልጆች ሰብስባ ፊደል ማስቆጠር ጀመረች። የእስረኛውንም የወታደሩንም ልጅ ማለት ነው። ለዚህች ሴት ስድብ ነው የሚገባት?

መምህር ነኝ፦ የጻፍኩት እኔ ነኝ፣ አልመልሰውም። ያስተማረችው ሌላ ሰው ስላልነበረ ነው። ምርጫ ቢኖር ማን ልጁን ይሰጣት ነበር?

ሳባ፦ ጋሼ፣ «ሌላ ሰው ስላልነበረ» አሉ? ሎረንስ ሃሎራን የሚባለውስ? በ1818 ለአንድ ደብዳቤ አሥር ፔንስ የፖስታ ክፍያ ለማዳን ደብዳቤ በነፃ የሚያስልክ ፊርማ አስመስሎ ሰባት ዓመት ግዞት ተፈረደበት። በ1819 ሲድኒ ደረሰ፣ አገረ ገዢው ማኳሪ ሠርቶ እንዲኖር ፈቀደለት፣ ትምህርት ቤት ከፈተ። ያኔ ከተማው ውስጥ ነፃ ሰው ሞልቶ ነበር። የታወቁ ቤተሰቦች ሳይቀሩ ልጆቻቸውን ላኩለት።

መምህር ነኝ፦ ክህነት ሳይኖረው ቄስ ነኝ እያለ የኖረ ሰው መሆኑን ለምን ዘለልሽው? ልጅ እኮ ከመምህሩ ፊደል ብቻ አይደለም የሚወስደው። ሠላሳ ዓመት ያስተማርኩ ሰው ነኝ፣ ይሄ ያመኛል።

ዳዊት፦ የመሬቱን ባለቤቶች ልጆች ማንም አላነሳም። ማኳሪ በ1814 ሲድኒ አጠገብ ፓራማታ ላይ ለአቦርጂናል ልጆች ትምህርት ቤት አቋቋመ። ወላጅ ልጁን አንዴ ካስገባ መልሶ መውሰድ አይችልም። ያንን ቤት የመራው ዊሊያም ሼሊ ደግሞ ሚሲዮናዊ ነው፣ አንድ ቀን አልታሰረም። ንጹሕ መዝገብ ያለው ሰው ነው ልጅና እናት የለያየው። ስለዚህ እስር ቤት መግባትን የሥነ ምግባር መለኪያ አታድርጉብኝ።

መምህር ነኝ፦ ርዕስ አትቀይር ወንድሜ።

ዳዊት፦ ርዕሱ ልጅን ለማን እንስጥ አይደል እንዴ?

የሜልበርኑ፦ ዳዊት እውነቱን ነው፣ ግን ኢዛቤላን አታስረሱኝ። የቅኝ ግዛቱ የመጀመሪያ ቄስ ጆንሰን በ1793 ከጭቃና ከእንጨት በራሱ ገንዘብ ቤተ ክርስቲያን ሠራ፣ ልጆች እዚያው ይማሩ ነበር። በ1798 ተቃጠለ፣ ሆን ተብሎ ነው ተባለ። በእንዲህ ያለ ቦታ ነው ሰዎቹ ያስተማሩት።

ሳባ፦ ጋሼ፣ ጥያቄዬን አልመለሱም። ነፃ ሰው እያለ ሃሎራንን ለምን መረጡት?

መምህር ነኝ፦ እንግሊዝ ሳለ ትምህርት ቤት ስለነበረው፣ ላቲንና ግሪክ ስለሚችል። ጠባዩን ትተው እውቀቱን አዩ። እኔም የምለው ይሄንኑ ነው!

ሳባ፦ እንግዲያው «ሌላ ሰው ስላልነበረ» የሚለውን ትተውታል።

መምህር ነኝ፦ አልተውኩም። እሱን ያልኩት ስለ ሴትየዋ ነው።