ስለ መብራት መስመሩ ለወረዳ የምናስገባው ደብዳቤ

ጸሐፊ፦ ቀያሾቹ ትናንት ዋንዛዎቹ ላይ ቀይ ቀለም ቀብተው ሄደዋል። እኔ ጓሮ ሦስት፣ ታች ሰፈር ያልተቀባ የለም። ደብዳቤው ሐሙስ ወረዳ መግባት አለበት። ረቂቁ ይኸው፦ «እኛ የዘጌ የቡና ባለመሬቶች፣ አዲሱ መስመር ቡናችንን ሰንጥቆ ከሚያልፍ መንገዱን ተከትሎ እንዲሄድ እንጠይቃለን።» የሚጨመር ካለ ዛሬውኑ።

ገንዘብ ያዥ፦ «ባለመሬት» ይውጣ። «ባለይዞታ» ይባል። በሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 40 መሬት የመንግሥትና የሕዝብ ነው። የመጀመሪያዋን መስመር አንብበው ይመልሱብናል።

የላይ ሰፈር፦ አያቴ በእጁ የተከለውን ቡና እየለቀምኩ ባለይዞታ ልባል? በወጋችን እዚህ ሞፈር አይገባም፣ ከብት አይገባም። እንዲህ ጠብቀን ያቆየነው መሬት ነው። አልፈርምም።

ገንዘብ ያዥ፦ አያ፣ ደብተርህን አውጣና አንብበው። የይዞታ ማረጋገጫ ነው የሚለው።

የላይ ሰፈር፦ ደብተሩን የጻፉት እነሱ ናቸው። ደብዳቤውን የምንጽፈው እኛ ነን።

መምህሩ፦ ቃሉን ተዉትና ዋንዛውን እዩ። ለካሳ የሚገምቱልን የተቆረጠውን ግንድ ነው። ዋንዛ ሲወድቅ ግን ከሥሩ ያለው ቡና ሁሉ ፀሐይ ይመታዋል። ቅጠሉ ይገረጣል፣ ፍሬው ሳይሞላ ይረግፋል። እኔ ጓሮ ነፋስ በጣለው ዋንዛ ሥር 14 እግር ቡና ነበር። አሁን 5 ቀርቷል። አዲስ ቢተከል እስኪያፈራ ሦስት አራት ዓመት ነው። ስለዚህ ጥላውም ይገመት እንበል። በካሳ አዋጁ፣ በቁጥር 1161/2011፣ ቅሬታ የሚቀርበው በ30 ቀን ውስጥ ነው። ቀኑ እንዳያልፍብን።

የታች ሰፈር፦ ልክ ነው። በየጓሮው ያለውን እኔ እቆጥራለሁ። ነገ ጠዋት እጀምራለሁ።

የላይ ሰፈር፦ መጀመሪያ ስማችን ይስተካከል።

ገንዘብ ያዥ፦ ባለፈውም በማህተሙ ነገር አንድ ወር አስቀምጠኸናል።

የላይ ሰፈር፦ የማህተሙን አታንሳ! መዋጮ ያልከፈልኩበት ወር የለም። አንተ ማን ስለሆንክ ነው?

የሴቶች ተወካይ፦ ተዉ እንጂ ልጆች! ዛፉ ሊቆረጥ እናንተ በስም ትጣላላችሁ? «የቡና አምራቾች» በሉትና ይለቅ።

የላይ ሰፈር፦ እሺ እትዬ፣ ለእርስዎ ስል። ክፉ ከተናገርኩ ይቅር በሉኝ።

ገንዘብ ያዥ፦ እኔም ተሳስቻለሁ። «አምራቾች» ይሁን።

መፈልፈያ ቤት፦ ከተስማማን አንድ ነገር ልጨምር። መስመሩ በላያችን አልፎ ሲሄድ ለእኛ ምን ይተርፈናል? ቡናውን አሁንም በናፍጣ ነው የምፈለፍለው። የናፍጣው ዋጋ የሚዞረው ወደ እናንተ ነው። ትራንስፎርመር ይጠየቅ።

ገንዘብ ያዥ፦ እሱ አንደኛ ይሁን። ትራንስፎርመር ከተሰጠን በቡናው ቢያልፍም እንነጋገራለን።

መምህሩ፦ እንዴ! መንገዱን ተከትሎ ይሂድ ብለን አይደል የተነሳነው?

መፈልፈያ ቤት፦ መንገዱን ይዘው አይሄዱልንም። ባዶ እጃችንን ከምንቀር ይሻላል።

ጸሐፊ፦ አዲሱን ረቂቅ ለጥፌዋለሁ። አንደኛ ትራንስፎርመር፣ ሁለተኛ የጥላው ካሳ፣ የመንገዱ ጉዳይ ሦስተኛ። ካሳውን ግን ያለ ቆጠራው ማስገባት አልችልም። የታች ሰፈር፣ ቁጥሩ የት አለ? ሁለት ቀን ሆነህ፣ ስልክህም አይነሳም። ነገ ሐሙስ ነው።

የላይ ሰፈር፦ በእኛ በኩል ያለውን ነገ በማለዳ እኔ እቆጥራለሁ። ግን «አምራቾች» ብለን ተስማምተን፣ ርዕሱ ላይ «ባለይዞታዎች» የሚለው ለምን አልወጣም?