ምልክት ስንት ታሪክ ይወልዳል? መለኪያዬ ጀሪካኑን አንደኛ አወጣብኝ፣ እርዱኝ

ጥያቄ፦ ከጦሳ ሥር
ሰላም ለሁላችሁ። ደሴ የምኖር የፎክሎር ማስተርስ ተማሪ ነኝ። የመመረቂያ ሐሳቤ ምልክት እንዴት ታሪክ እንደሚወልድ ማጥናት ነው። አማካሪዬ «ይወልዳል ካልሽ ለክተሽ አሳዪኝ» ብለው ፕሮፖዛሉን መለሱልኝ። የሚሆነኝ መለኪያ ስላጣሁ ከራሴ ፈጥሬ ስሙን «ወላድነት» አልኩት። የምልክቱን ስም እጠራለሁ፣ ሰውየው የመጣለትን ታሪክ ያወራኛል፣ በመጨረሻ የታሪኮቹን ብዛት ለተራኪዎቹ ቁጥር አካፍላለሁ። ምልክቶቼ ጀበና፣ ጅራታም ኮከብና ጦሳ ተራራ ናቸው። ታሪክ የማይወጣው ዕቃም ለማነጻጸሪያ ያስፈልጋል ብዬ ቢጫ ጀሪካን ጨመርኩ።

ጉዱ እዚህ ላይ ነው። ጀሪካኑ ሁሉንም በለጣቸው! ውኃ የጠፋበት ሰሞን፣ የሌሊት ወረፋ፣ ወረፋ ላይ የተጀመረ ትዳር ሳይቀር ሰማሁ። ጀበና ስል ግን አንዲት እናት ቡናቸውን እየቀዱልኝ «ኧረ ልጄ፣ ጀበና ምን ታሪክ አለው? ቡና ይፈላበታል እንጂ» አሉኝ። መለኪያውን ልጣለው ወይስ ይጠገናል?

መልስ፦ ቁጥር ወዳድ
አብሽሪ እህቴ፣ ይጠገናል። አሁን የያዝሽው ቁጥር የሚለካው የሰዉን ወሬኛነት ነው። አስር ሰው ያንኑ ወረፋ ቢያወራልሽ ትረካው አስር፣ ዝርያው ግን አንድ ነው። የተረት አጥኚዎችም በዝርያ ነው የሚሠሩት፤ ፊንላንዳዊው አንቲ አርነ እ.ኤ.አ. በ1910 ያወጣው ምደባ በአሜሪካዊው ቶምፕሰን ሰፍቶ፣ በ2004 በጀርመናዊው ኡተር ተስተካክሎ ዛሬም ይጠቀሙበታል። አንቺም መጀመሪያ መድቢ።

ስትመድቢ ታዲያ ብቻሽን አትሁኚ። ጓደኛሽ ያንቺን ሳያይ ይመድብና የኮኸንን ካፓ አስሊ፤ ከአጋጣሚ በላይ ምን ያህል እንደተስማማችሁ የሚያሳይ ቁጥር ነው። ከ100 ትረካ በ80ው ተስማማችሁ እንበል። በአጋጣሚ ብቻ በ50ው ትስማሙ ከነበረ፣ ከ80 ላይ 50 ቀንሰሽ የቀረውን 30፣ ከ100 ላይ 50 ሲቀነስ ለሚቀረው 50 ስታካፍዪው 0.6 ይመጣል። «80 በመቶ ተስማማን» ብሎ ከመፎከር ይሄ ይሻላል። ደግሞ ምልክቶቹን የምትጠሪበትን ቅደም ተከተል ለየሰዉ በዕጣ ቀያይሪው። ጀሪካኑ ሁልጊዜ መጨረሻ ከመጣ፣ ሰዉ አፉ ከተፍታታ በኋላ ስለሆነ ያለ ሥራው ያተርፋል።

መልስ፦ ጡረተኛው መምህር
ልጄ፣ የጀሪካኑ ማሸነፍ እኔን አልደነቀኝም። ሩሲያዊው ቭላድሚር ፕሮፕ 100 የአገሩን ተረቶች ብልት በብልት ከፋፍሎ እ.ኤ.አ. በ1928 ባሳተመው ጥናት 31 ተግባራት፣ ማለትም ከተረት ተረት የሚደጋገሙ ድርጊቶች፣ ለይቷል። ታሪክ ከሚያስነሱት መካከል አንዱ ጉድለት ነው፤ የሆነ ነገር ይጎድላል፣ ሰው ፍለጋ ይወጣል። ባዶ ጀሪካን እኮ እጀታ የወጣለት ጉድለት ነው! ጀበናሽ ግን ሙሉ ነው። ቡናው አለ፣ ጎረቤቱ ተሰብስቧል፤ ማን ምን ፍለጋ ይነሳል? ስለዚህ መለኪያሽ አልዋሸም። የጠየቅሽበት መንገድ ነው ለአንዱ ያደላው።

መልስ፦ የሰኞ ገበያዋ
ጋሼ ያሉት እውነት ነው። እኔ ቡና አፍልቼ የምተዳደር ሰው ነኝ፤ ፕሮፕን አላውቀውም፣ ጀበና ግን አውቃለሁ። ስለ ጀበና አትጠይቂ፣ ስለተሰበረ ጀበና ጠይቂ። አንገቱ ስለተቀነጠሰው፣ ጆሮው ስለወደቀው፣ እንግዳ ተቀምጦ ከሰል ላይ ስለፈነዳው። «የዚያን ቀን ምን ሆነ?» በያቸው። አንዷ ጠብ ሊመጣ ነው ብላ እንደፈራች ታወራሻለች፣ ሌላዋ ክፉውን ይዞት ሄደ ብላ እንደተጽናናች።

በአቦል ደግሞ አትቸኩዪ። አቦል ላይ ጤናና ገበያ ነው የሚጠያየቁት፤ ወሬው የሚጥመው ቶና ላይ ነው። በረካ ላይ ምርቃት ስላለ ወረቀትሽን አታውጪ፣ ያስቀይማል።

መልስ፦ ኮምቦልቻ
ዝርያ ብቻ ቆጥራችሁ ኮከቡን እንዳትገድሉት። ደሴ ውስጥ ጅራታም ኮከብ ብትዪ የምትሰሚው ያው አንዱን ነው፤ አጼ ዮሐንስ 4ኛ እዚህ ሰፍረው ሳለ ኮከቡን አይተው ደስ ስላላቸው ቦታውን ደሴ አሉት። ኮከብ እንኳ በእርግጥ ነበረ፤ በመስከረም 1875 ዓ.ም. የታየው ትልቁ ጅራታም ኮከብ በጠራራ ፀሐይ ሳይቀር ይታይ ነበር። በዝርያ ከቆጠርሽው ውጤቱ 1 ሆኖ ከጀሪካኑ ጭራ ይገባል። ግን ከልጅ እስከ ሽማግሌ ያንኑ ያወራዋል፤ ይሄ ታዲያ መካንነት ነው?

ሁለት ቁጥር ያዢ። አንዱ የዝርያዎቹ ብዛት ይሁን፤ ሌላው በብዛት የተነገረው ዝርያ ከተራኪዎቹ በስንት በመቶው አፍ ላይ እንዳለ። ጀሪካን በፊተኛው ይመራል፣ ኮከብ በኋለኛው። ደምረሽ አንድ ላድርጋቸው እንዳትዪ፤ አማካሪሽ የሚይዙሽ እዚያ ላይ ነው።

ጠያቂዋ፦ ከጦሳ ሥር
ተባረኩ፣ ሁለት ቁጥር አደርገዋለሁ። የተሰበረ የሚለውን ጥያቄ ለጀበና ብቻ ላቅርበው?

መልስ፦ ቁጥር ወዳድ
ለጀበና ብቻ ካደረግሽው አሁን ደግሞ ለእሱ አደላሽ። ለሁሉም «የጎደለ ወይም የተበላሸ ቀን ምን ሆነ?» ይሁን። ለጦሳም ጉም ውጦት የዋለበትን ቀን ጠይቂ። ጀሪካኑን ከምልክቶቹ ጋር ቀላቅዪው፣ ለማነጻጸሪያነት ከእንግዲህ አይሆንሽም። በእሱ ቦታ ሚስማር ሞክሪ።

መልስ፦ የሰኞ ገበያዋ
ሚስማርማ እኔ ራሴ ታሪክ አለኝ፤ ይልቅ የመጋረጃ ቀለበት በሏት።