ማዕረግ አንድ፣ ደመወዝ ሁለት፦ ማንን ልጠይቅ?

ሰላም ወገኖች። ባሕር ዳር የምኖር የክልል ፖሊስ ነኝ፣ ማዕረጌ ዋና ሳጅን። ግራ ገብቶኛል።

ባለፈው ጥምቀት ከአንድ የፌዴራል ፖሊስ ጋር ጣና ዳር ጥበቃ ቆምን። ማዕረጋችን አንድ፣ ፀሐዩም አንድ። ቆሎ እየተካፈልን የደመወዝ ወሬ ተነሣ። ስልኩ ላይ የገባለትን ብር ሲያሳየኝ ቆሎው ጉሮሮዬ ላይ ቀረ። እሱም አፍሮ ስልኩን ኪሱ ከተተ። (እሱ ምን አጠፋ? ሻይ የጋበዘኝም እሱ ነው።)

ቤት ገብቼ ሕገ መንግሥቱን ገለጥኩ። አንቀጽ 52 የክልሉን ፖሊስ የማደራጀትና የመምራት ሥልጣን ለክልሉ ይሰጣል። ስለዚህ ሁለት ቀጣሪ፣ ሁለት በጀት፣ ሁለት የደመወዝ ስኬል። እሺ፣ ይሄ ገብቶኛል። ያልገባኝ ሌላ ነው። ከእኔ ጋር በአንድ ቀን ተመርቆ፣ እዚሁ ክልል ፖሊስ ውስጥ ሌላ የሥራ ክፍል የተመደበው ጓደኛዬ ለምን በለጠኝ? ስጠይቅ «መደቡ ነው» ተባልኩ። በቃል ብቻ፣ ወረቀት የለም።

በጽሑፍ መልስ እንዲሰጡኝ አቤቱታውን እንዴት ልጻፈው? የዕዝ ሰንሰለት ጣሰ ሳልባል እንባ ጠባቂ (የአስተዳደር በደል አቤቱታ የሚሰማው ተቋም) ጋ መሄድስ እችላለሁ? በዚህ ያለፈ ካለ እባካችሁ ይንገረኝ። የምደባ ደብዳቤዬ እጄ ላይ አለ።