«እገዳ ቅጣት አይደለም» ይሉናል

ባለ ሞዴል፦ ዛሬ ስብሰባ ላይ የሰው ሀብት ኃላፊያችን የተናገሩትን ሰምቼ ደሜ ፈላ። የንብረት ክፍል ባልደረባችን ከሥራም ከደመወዝም ታግዷል። ክሱ «ሞዴል 22 (የዕቃ ወጪ ደረሰኝ) ሳይቆረጥ ቶነር (የፕሪንተር ቀለም) ከመጋዘን ወጥቷል» የሚል ነው። ገና ሳይጣራ ደመወዝ ለምን ይቆማል ብለን ጠየቅን። «እገዳ ቅጣት አይደለም፤ ንጹህ ከሆነ ብሩ ይመለስለታል» አሉን። ሰውየው ሦስት ልጅ አለው፣ ቤቱም የኪራይ ነው። አከራይ እስኪጣራ ይጠብቃል?

ተገልጋዩ፦ እኛ ደግሞ መስኮት ላይ ቆመን «ሲስተም የለም» እየተባልን የምንመለስ ሰዎች ነን። በጉቦ የተከሰሰ ሰው ቤቱ ተኝቶ ደመወዝ ይብላ ነው የምትሉት? ኃላፊዋ ልክ ናቸው። እገዳ ቅጣት አይደለም።

ባለ ሞዴል፦ ወንድሜ፣ ጉቦ ማን አነሳ? የተባለው ቶነር ነው። ደግሞም ተከሰሰ እንጂ ተፈረደበት አልተባለም።

የድሮ ፐርሶኔል፦ ልጆቼ፣ ተረጋጉ። እኛ በቀድሞው የመንግሥት ሠራተኞች አዋጅ 515/1999 ስንሠራ እገዳ ዝም ብሎ የሚጻፍ ደብዳቤ አልነበረም። ማስረጃ ያጠፋል፣ በመንግሥት ንብረት ላይ ሌላ ጥፋት ይጨምራል፣ ወይም ጥፋቱ ከሥራ የሚያሰናብት ነው ተብሎ መገመት ነበረበት። ጊዜውም ከሁለት ወር አያልፍም ነበር። ካልተሰናበተ የተያዘው ደመወዝ ያለ ወለድ ይከፈለው ነበር።

የጉለሌዋ፦ ጋሼ፣ «ያለ ወለድ» ያሉት እኮ ነው የሚያመኝ! በሁለት ወር ውስጥ የዘይት ዋጋ የት እንደሚደርስ እናውቃለን። በዚያው ሕግ ከቅጣቶቹ አንዱ እስከ አንድ ወር ደመወዝ መቀጮ ነበር። ጥፋተኛ የተባለው የአንድ ወር ይቀጣል፣ ያልተፈረደበት ሁለት ወር ባዶ እጁን ይቀመጣል። ይሄ ቅጣት ካልሆነ ምንድነው?

ኦዲተር ነኝ፦ እህቴ፣ መቀጮ አይመለስም፣ የእገዳው ደመወዝ ይመለሳል። ሁለቱን አታቀላቅዪ። መጋዘን ውስጥ ያላችሁ ደግሞ ታውቁታላችሁ፦ ተከሳሹ ቁልፉን ይዞ ከቆየ አዲስ ሞዴል 22 ቆርጦ የድሮ ቀን ይጽፍበታል። ከዚያ ምኑ ይጣራል?

ባለ ሞዴል፦ ቁልፉን ይቀበሉት! ቆጠራ ይደረግ፣ ርክክብ ይፈረም፣ እሱም ሌላ ክፍል ይሥራ። የሞዴል 22 ጥራዙ በተከታታይ ቁጥር ነው። የቱ ቅጠል መቼ እንደተቆረጠ ከሞዴል 19 (የዕቃ ገቢ ደረሰኝ) እና ከስቶክ ካርዱ ጋር ይመሳከራል። ማስረጃውን ለመጠበቅ የልጆቹን ምሳ ዕቃ ባዶ ማድረግ አያስፈልግም።

ተገልጋዩ፦ ሌላ ክፍል ወስዳችሁ እዚያም ይስረቅ? ለነገሩ አንተ የምትከራከረው ጓደኛህ ስለሆነ ነው።

ባለ ሞዴል፦ አዎ፣ ጓደኛዬ ነው። አብረን ስንት ሌሊት የበጀት መዝጊያ ቆጠራ አድርገናል። አንተ ስሙን እንኳ ሳታውቅ «ይስረቅ» አልክ። በል እስቲ፣ ማን ነው አስቀድሞ የፈረደው?

የጉለሌዋ፦ ሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 20 ላይ የተከሰሰ ሰው እንደ ጥፋተኛ አይቆጠርም ይላል።

ኦዲተር ነኝ፦ እሱ ለወንጀል ክስ ነው። ይሄ ዲሲፕሊን ነው፤ መንገዱ ይለያል።

የጉለሌዋ፦ መንገዱ ይለይ፣ ሰውየው ግን ያው ሰው ነው። በዲሲፕሊን የተከሰሰ እንጀራ አይበላም?

የድሮ ፐርሶኔል፦ ልጄ፣ እገዳ ተገቢ የሚሆንበትም አለ። በእኔ ጊዜ አንድ ገንዘብ ያዥ ሳይታገድ ቆይቶ ደረሰኝ ጠፋ፤ የዲሲፕሊን ኮሚቴው የተከሰሰውን ሰው ነጻ ከማለት ሌላ አማራጭ አላገኘም። የከፋው ግን ለቂም የሚጻፈው ነው። አለቃው ይጠላዋል፣ ያግደዋል፣ ሁለት ወሩን ጨርሶ «ማስጠንቀቂያ» ብሎ ይመልሰዋል። ያን ያደረገ ኃላፊ ሲጠየቅ አላየሁም።

ተገልጋዩ፦ አሁን ደግሞ ኃላፊዎቹ ሁሉ ቂመኛ ሆኑ?

የጉለሌዋ፦ ሁሉም አላሉም። በትክክል አንብብ።

ባለ ሞዴል፦ የእኛው ሰው የመከላከያ መልሱን ጽፎ መዝገብ ቤት አስገብቷል። ኮሚቴው አልተሰበሰበም። ሰብሳቢው መስክ ናቸው ተባለ። የእገዳው ቀን ግን ይቆጠራል።

ተገልጋዩ፦ እንግዲያው ኮሚቴውን ውቀሱ፣ እገዳውን ተዉት።

የጉለሌዋ፦ ደመወዙ እየተከፈለው ይታገድ። ቢሮው በነጻ መክፈሉ ሲቆጨው ሰብሳቢውን ከመስክ ይጠራል።

ኦዲተር ነኝ፦ ያኔ ደግሞ ቀጠሮ የሚያራዝመው ተከሳሹ ይሆናል። ምስክሬ ታመመ፣ ሰነዴ አልደረሰም እያለ።

የጉለሌዋ፦ ሁለት ወር ገደብ አለ ተባለ እኮ! ለማን ነው ገደቡ?