ለካሳ ግመታ የምናቀርበው የጋራ ሐሳብ፦ በረቂቁ ላይ የተደረገ የዕቅድ ውይይት

ጸሐፊ፦
የተከበራችሁ አባላት፣ በጅማ ዙሪያ የቡና ማሳችን በልማት ክልል ውስጥ የገባብን ሁሉ በአንድነት የምናቀርበውን ሐሳብ ማርቀቅ ጀምሬአለሁ። በሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 40 መሠረት መሬት የመንግሥትና የሕዝብ ስለሆነ፣ ካሳ የሚከፈለን በመሬቱ ላይ ላፈራነው ንብረትና በጉልበትና በገንዘባችን ላደረግነው ቋሚ ማሻሻያ ነው፤ ክፍያውም ተመጣጣኝና በቅድሚያ የሚፈጸም መሆን አለበት። አዋጅ ቁጥር 1161/2011 ደግሞ ተመጣጣኝ ምትክ መሬት ላላገኘ ባለይዞታ፣ ከመነሣቱ በፊት በነበሩት ሦስት ዓመታት ካገኘው ዓመታዊ ገቢ ከፍተኛው በ15 ተባዝቶ እንዲከፈለው ይደነግጋል። የቀድሞው አዋጅ ቁጥር 455/1997 የአምስት ዓመት አማካይ ገቢን በ10 ያባዛ ነበር። እንግዲህ ሕጉ ተሻሽሏል፤ የሚቀረን ሥራ ስሌቱ በትክክል እንዲሠራ ማስረጃ ማቅረብ ነው።

አባል፣ ከጂሬን በኩል፦
ኦቦ ጸሐፊ፣ «ከፍተኛው» የሚለው ቃል በረቂቁ ውስጥ ጎልቶ ይጻፍልኝ። ቡና አንድ ዓመት አብዝቶ ካፈራ በቀጣዩ ዓመት እንደሚያርፍ ሁላችንም እናውቃለን። በደብተሬ የመዘገብኩት እነሆ፦ በ2014 ጀንፈል (ከነገለባው የደረቀ ቡና) 42 ፈረሱላ (አንዱ ፈረሱላ 17 ኪሎ ገደማ ነው)፣ በ2015 17፣ በ2016 38። ከፍተኛው በ15 ሲባዛ 630 ፈረሱላ ይሆናል፤ የሦስቱ ዓመት አማካይ ከተወሰደ ግን 485 ብቻ ነው። ልዩነቱ 145 ፈረሱላ ሲሆን፣ በጥሩ ዓመት እንኳ ከሦስት ዓመት ምርቴ ይበልጣል። የወንድሜ ማሳ ሲገመት የተወሰደው አማካዩ ነበር፤ ወንድሜም የጽሑፍ ማስረጃ ስላልነበረው ዝም ብሎ ፈረመ። በተጨማሪም ምርቱ በከፍተኛው ዓመት ልክ ተይዞ፣ ዋጋው ግን ካሳው በሚከፈልበት ጊዜ በሚኖረው ገበያ እንዲሰላ እንጠይቅ፤ የዛሬ ሦስት ዓመት ብር ዛሬ ያንኑ አይገዛም።

እናት አባል፦
ወንድማችን ስለ ምርቱ የተናገረው እውነት ነው፤ እኔ ደግሞ የቡናው እግር፣ ማለትም የተክሉ ብዛት፣ ቆጠራ ያሳስበኛል። ባለፈው ጊዜ ከማሳዬ ጥግ ሲወሰድ፣ ቆጣሪው ከጎዳናው ሳይርቅ በያዘው ሽመል እየጠቆመ ቆጠረ። ያረጀውን ቡና እንዲታደስ ከግንዱ ቆርጬ (ጎንድዬ)፣ ከጉቶው ያቆጠቆጠው እስከ ጉልበቴ ደርሶ ነበር፤ እሱ ግን «ችግኝ» ብሎ መዘገበው። ጉቶውን ገልጬ፣ የአውራ ጣቴን ውፍረት የሚያህለውን ሥር አሳየሁት፤ አልተቀበለኝም። የተጎነደለ ቡና ሥሩ በመሬት ውስጥ ስላለ አዲስ ከተተከለ ችግኝ ቀድሞ ወደ ምርት ይመለሳል። ስለዚህ ቅጹ አዲስ ችግኝ፣ ፍሬ ያልጀመረ፣ ፍሬ የሚሰጥና የተጎነደለ ብሎ ይለይልን፤ ቆጠራውም ባለቤቱ ባለበት፣ በየረድፉ ተገብቶ ይፈጸም። እንደ 74110 ያሉ የተሻሻሉ የቡና ዝርያዎችን የተከልን ደግሞ የዝርያውን የምርት መጠን በተመለከተ መልኮ ካለው የጅማ ግብርና ምርምር ማዕከል የጽሑፍ መረጃ እንጠይቅ። የጥላ ዛፍና የንብ ቀፎም አይዘለሉ።

ወጣት አባል፦
ይቅርታ ይደረግልኝና፣ እኔ በዚህ ብቻ አልረካም። ከአባቴ የተወሰደ መሬት በሊዝ ጨረታ ወጥቶ በካሬ ሜትር የሚሸጥበትን ዋጋ ስሰማ ያመኛል። ለምን የሊዙን ዋጋ አንጠይቅም?

ጸሐፊ፦
ልጄ፣ ቁጭትህ የሁላችንም ነው። ነገር ግን መሬት በማይሸጥበት ሕግ የመሬት ዋጋ ብንጠይቅ፣ ጥያቄያችን ከነማስረጃው ጭምር ተመላሽ ሊሆን ይችላል። የአንተን ሐሳብ በምትክ መሬት በኩል እናስገባው፤ የሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 44 ተነሺዎች በገንዘብ ወይም በሌላ አማራጭ ካሳ የማግኘት መብት እንዳላቸው ይናገራል። ገንዘብ ያልቃል፤ ስለዚህ ለቡና የሚሆን ምትክ መሬት ወይም ለልጆች የሥራ ቦታ ቀዳሚ ጥያቄያችን ይሁን።

እናት አባል፦
ክፍያው በባልና ሚስት የጋራ ሒሳብ እንዲገባም ይጨመር። ገንዘቡ በአንድ እጅ ገብቶ የተበተነ ቤት አይቻለሁ።

ሰብሳቢ፦
ሐሳቦቹን ተቀብያለሁ። ለካሳው ስሌት የሚያገለግለው የነጠላ ዋጋ ጥናት መቼና በየትኛው ገበያ እንደተሠራ በጽሑፍ እንዲገለጽልን የሚል ጥያቄም እጨምራለሁ። አዋጁ የሰጠን የአቤቱታ ጊዜ 30 ቀን ነው፤ የግመታው ውጤት ከደረሰ በኋላ ማስረጃ መፈለግ ከጀመርን አይበቃንም። ስለዚህ እያንዳንዱ አባል የይዞታ ማረጋገጫ ደብተሩን ቅጂና የሦስት ዓመት የሽያጭ ደረሰኝ ያምጣ፤ ደረሰኝ የሌለው ቡናውን ከተረከበው ነጋዴ ወይም ኅብረት ሥራ ማኅበር ቀን፣ መጠንና ዋጋ ያለበት ማረጋገጫ ያጽፍ። ጸሐፊያችን በአዋጁ ላይ ከዚያ ወዲህ የተደረገውን ማሻሻያና የክልሉን መመሪያ ከረቂቁ ጋር ያመሳክርልን። አርብ ከጁምዓ ሶላት በኋላ ተሰብስበን እንፈርማለን፤ እናታችን በዕለቱ የቆጠራ ቅጹን ናሙና ይዛ ትምጣ።